የመስመር ሰው አወዳደቅ

ቀነኒሳ በቀለን ለንደን አንዴ ጥላዋለች፣ አንዴ አንሥታዋለች። በ2012 ኦሊምፒክ (ዓመታቱን ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ያንብቡልኝ) በአቴንስና በቤጂንግ የነገሠበት 10 ሺህ ሜትር ላይ አራተኛ ወጣ። ወርቁ የሞ ፋራህ ሆነ፤ ነሐሱን የወሰደው ደግሞ የገዛ ወንድሙ ታሪኩ ነበር። አበቃለት ተባለ። ከ12 ዓመት በኋላ፣ በሚያዝያ 2024፣ ያው ሰው በ41 ዓመቱ የለንደንን ማራቶን በ2 ሰዓት ከ4 ደቂቃ ከ15 ሰከንድ ጨርሶ ሁለተኛ ሆነ። ሯጭ ሲወድቅ ሰዓት ይመሰክርበታል፤ ሲነሣም ይመሰክርለታል። ለዚህ ነው እኛ ስለ ስፖርተኛ ማሽቆልቆል ስናወራ ቀላል ነገር የሚመስለን፤ ዓይናችን በሩጫ የሠለጠነ ነው።

በዚያችው ከተማ ግን አወዳደቁን አንድም ሰዓት የማይለካለት ሌላ ሙያ ሲሠራ ቆይቷል። የአሜሪካን ፉትቦል የማጥቃት መስመር ተጫዋችነት ነው። የዚህ ሰው ውድቀት ሁልጊዜ የሚወራው የዕድሜ ወይም የዕድል ጉዳይ ተደርጎ ነው፤ ጉልበቱ ደከመ፣ ጅማቱ ተበጠሰ፣ አለቀ። እኔ ግን ከዕድሜውና ከዕድሉ ይልቅ አሠራሩ ነው ባይ ነኝ። ሥራው ሲሳካ የማይመዘገብለት፣ ገላው ለሥራው ሲባል ከልክ በላይ የተገነባ፣ አደጋውን ደግሞ ውሉ በእሱ ትከሻ ላይ የጣለበት ሰው ነው። እንዲህ ያለው ሰው ሲወድቅ የሚሰማ የለም።

ጨዋታውን ለማያውቅ ባጭሩ ላስረዳ። ከአጥቂው ወገን 11 ሰዎች አምስቱ ፊት ለፊት በአንድ መስመር ይቆማሉ። መካከለኛው ሴንተር ነው፤ ኳሷን በእግሮቹ መካከል ወደኋላ የሚያቀብለው እሱ ነው። ከግራና ከቀኙ ያሉት ጋርዶች፣ ከእነሱ ወዲያ በሁለቱም ጫፍ የሚቆሙት ታክሎች ይባላሉ። ኳስ መወርወርም፣ መቀበልም፣ ይዞ መሮጥም የእነሱ ድርሻ አይደለም። ከኋላቸው ያለውን ኳርተርባክ ይጠብቃሉ፤ ለሯጩም ቀዳዳ ይከፍታሉ። በቃ።

አንዱን ታክል ለአንድ አፍታ ብቻ ቀረብ ብለን እንየው። አንድ እጁን መሬት አስደግፎ ያጎነብሳል። ኳሷ ስትንቀሳቀስ የውጭ እግሩን በሰያፍ ወደኋላ ይስባል፤ ወገቡን ዝቅ፣ ደረቱን ቀና አድርጎ እያፈገፈገ ይዋጋል። የሚመጣበት ሰው 120 ኪሎ የሚመዝን፣ ሆኖም እንደ መቶ ሜትር ሯጭ የሚፈተለክ ነው። ታክሉ መዳፎቹን ከሰውየው ደረት መሐል ላይ ማሳረፍ አለበት፤ እጁ ወደ ውጭ ሸሽቶ ማልያውን ጨምድዶ ከያዘ ጥፋት ነው። የራስ ቁር ከራስ ቁር ይጋጫል። ይህ ሁሉ ሦስት ሰከንድ ያህል ይፈጃል። ካሜራው በዚያ ጊዜ ሌላ ቦታ ነው፤ ኳሷ ወደበረረችበት ዞሯል። ታክሉ ተነሥቶ እንደገና ያጎነብሳል፤ በአንድ ጨዋታ ስልሳም ሰባም ጊዜ።

ስሙ የሚነሣው ሲያጠፋ ነው። ዳኛው ቢጫ ጨርቅ ወርውሮ በማይክሮፎን የማልያውን ቁጥር ይጠራና «ሆልዲንግ» ይላል፤ ቡድኑ 10 ያርድ ወደኋላ ይመለሳል፤ ስታዲየሙ ያጉረመርማል። ከዚያ ውጭ የግቡ፣ የሩጫው፣ የቅብብሉ ቁጥር ሁሉ የሌሎች ነው። ጆ ቶማስ የተባለው የክሊቭላንድ ታክል ይህን ነገር ከማንም በላይ ያሳያል። ከ2007 እስከ 2017 ድረስ 10,363 ጊዜ ኳሷ ስትነሣ አንዲትም ሳያመልጠው ተሰለፈ፤ የክንዱ ጅማት ሲበጠስ ነው ቆጠራው የቆመው። ይህ ቁጥር ዛሬ ከስሙ ጋር እንደ ማዕረግ ይጠራል። ልብ ብሎ ላየው ግን ስለ ብልሃቱ አንዳች አይነግረንም፤ ከሥራ ገበታው አለመቅረቱን ብቻ ነው የሚናገረው። ለመስመር ሰው የሚቆጠርለት ቢጠፋ መገኘቱን ቆጠሩለት። በመገኘት የሚለካ ሰው ደግሞ ታምሞም ቢሆን ይገኛል፤ የመስመር ተጫዋች ሕመሙን የሚደብቀው ጀግንነት ስለሚወድ ብቻ አይደለም።

የክብደቱ ነገር የባሰ ነው። በነሐሴ 1986 ቺካጎ ቤርስና ዳላስ ካውቦይስ ዌምብሌይ ላይ ሲገናኙ ከ80 ሺህ የሚበልጥ ሕዝብ ገብቶ ነበር፤ ብዙው ሰው ሊያይ የመጣው «ማቀዝቀዣው» የሚባለውን ዊልያም ፔሪን ነው። ከ140 ኪሎ በላይ ስለሚመዝን እንደ ተአምር ይታይ ነበር። ፔሪ በዋናነት የመከላከል መስመር ሰው ነው፤ ያነሣሁት ለሚዛኑ ነው። ያን ጊዜ ሰው የተገረመበት ክብደት ዛሬ በማጥቃቱ መስመር ላይ ተራ ነገር ሆኗል፤ ከ136 ኪሎ በታች የሆነ ታክል ቀጭን ይባላል። ይህ ሥጋ ደግሞ በተፈጥሮ የመጣ አይደለም። አብዛኞቹ ለፋሲካ እንደተያዘ ሙክት ተቀልበው የወፈሩ ናቸው፤ ሳይርባቸው ይበላሉ፣ ሌሊት ተነሥተው ይጠጣሉ። ጆ ቶማስ ጫማውን በሰቀለ ማግስት ከ20 ኪሎ በላይ ጥሎ ሌላ ሰው መስሎ ብቅ ማለቱ ገላው ለሥራ የተከራየ እንደነበር ይመሰክራል። ሁሉም ግን እንደሱ አይሆንላቸውም። በ1994 የወጣ የአሜሪካ መንግሥት የሥራ ጤና ተቋም ጥናት የመስመር ተጫዋቾች በልብ በሽታ የመሞት ዕድላቸው ከሌላው ሕዝብ በ52 በመቶ እንደሚበልጥ አሳይቶ ነበር። ይህ የታወቀው ከሠላሳ ዓመት በፊት ነው። ሚዛኑ ከዚያ ወዲህ አልወረደም።

አሁን ወደ ለንደን ልመለስ፤ ነገሩ ጎልቶ የሚታየው እዚህ ነውና። በ1991 አሜሪካኖቹ እስከ ባሕር ማዶ የሚዘልቅ ሊግ አቋቁመው ለንደን ሞናርክስን ወለዱ። የመጀመሪያውን ዓመት ዋንጫ ሰኔ 9 ቀን ዌምብሌይ ላይ 61,108 ሰው እያየ ባርሴሎናን 21 ለ 0 ረትቶ የወሰደው ይኸው ቡድን ነው። ኳስ መቺው እንግሊዛዊው ፊል አሌግዛንደር ነበር፤ በኋላ የክሪስታል ፓላስ እግር ኳስ ክለብ ሥራ አስፈጻሚ ሆኗል። የቀረው ስብስብ ግን በአብዛኛው ከአሜሪካ ክለቦች የተቀነሰ ሰው ነው። ለመስመር ተጫዋች ለንደን የመጨረሻው ፌርማታ ነበረች። ገና ያላረጀ፣ ግን አገሩ ላይ ቦታ ያጣ ሰው ሃያ ሺህ ዶላር ገደማ ተከፍሎት በቀዝቃዛ ሜዳ ራሱን እንደገና ለገበያ የሚያቀርብባት።

ከእነዚያ አንዱ ዳግ ማሮን ይባላል። በ1986 በአሜሪካው ሊግ ዓመታዊ የተጫዋቾች ምርጫ በስድስተኛው ዙር ተመርጦ፣ በማያሚና በኒው ኦርሊንስ ጥቂት ጨዋታ ብቻ ተሰልፎ፣ በ1991 እና በ1992 የሞናርክስ መስመር ላይ ቆመ። እንደ ተጫዋች ታሪኩ እዚያ አካባቢ ያበቃል። ነገር ግን ወደ አሠልጣኝነት ዞረና በመስከረም 2017 የጃክሰንቪል ዋና አሠልጣኝ ሆኖ ዌምብሌይ ተመልሶ ባልቲሞርን 44 ለ 7 አሸነፈ። በዚያ ቀን በተሸናፊው ስብስብ ውስጥ ጀርሜይን ኤሉሙኖር የሚባል ጀማሪ የመስመር ተጫዋች ነበር። ለንደን ተወልዶ በካምደን አካባቢ ያደገ፣ በ2007 የዌምብሌዩን የጃያንትስና የዶልፊንስ ጨዋታ በቴሌቪዥን አይቶ ልቡ የሸፈተ ልጅ ነው። በ14 ዓመቱ ወደ አሜሪካ ሄዶ በ2017 በአምስተኛው ዙር ተመረጠ። አንዱ በለንደን የወደቀ፣ ሌላው ከለንደን የተነሣ። በጋዜጣ ላይ ቆንጆ ታሪክ ይወጣዋል። እኔ ግን ከሁለቱ ስም ይልቅ ስማቸው ያልቀረልን የመስመር ጓደኞቻቸው ያሳስቡኛል፤ ማሮን የዳነው በአሠልጣኝነቱ እንጂ በመስመሩ አይደለም።

ሞናርክስ ራሱ ብዙ አልቆየም። ሊጉ ከ1992 በኋላ ሁለት ዓመት ተዘግቶ በ1995 ሲከፈት ከዌምብሌይ ወርዶ ወደ ቶተንሃም ዋይት ሃርት ሌን ሄደ። ሜዳው አጥሮ 100 ያርድ የሚገባው 93 ብቻ ሆነ። በ1996 ደግሞ ያን የ1986 ተአምር፣ ፔሪን፣ በ33 ዓመቱ አመጡት። ሕዝብ ይስብ ይሆናል ተብሎ ነው፤ የተገዛው ጉልበቱ ሳይሆን ዝናው ነበር። ቡድኑ ከዚያ ወደ ስታምፎርድ ብሪጅ፣ ከዚያም የለንደንን ስም ጥሎ ከከተማ ከተማ ሲንከራተት በ1998 አበቃ፤ ሊጉ ራሱ በሰኔ 2007 ተዘጋ። በዚያው ዓመት ጥቅምት ላይ እውነተኛው የአሜሪካ ሊግ መደበኛ ጨዋታውን ዌምብሌይ አመጣ።

ዛሬ በዚያው በቶተንሃም መሬት ላይ የተሠራውን ስታዲየም ማየት ይበቃል። የእግር ኳሱ ሣር ሦስት ቦታ ተከፍሎ በሐዲድ እየተንሸራተተ ከደቡቡ መቀመጫ ሥር ይገባል፤ ከሥሩ ለአሜሪካኖቹ ብቻ የተነጠፈ ሰው ሠራሽ ሣር ብቅ ይላል። ሰባት ያርድ ያጠረው ሜዳ የራሱ ወለል ተበጀለት። በጥቅምት እሑዶች ከሰቨን ሲስተርስ ጀምሮ ሃይ ሮድ በየክለቡ ማልያ ይጥለቀለቃል። ጨዋታው ለንደን ላይ ተነሥቷል፤ ይህን መካድ አይቻልም። ጥያቄዬ ግን ከጨዋታው ጋር የመስመሩ ሰው ዕጣ አብሮ ተነሣ ወይ የሚል ነው።

ለዚህ ምኒልክ ዋትሰንን እጠራለሁ። ስሙን የሰማ ኢትዮጵያዊ ጆሮውን ያቆማል፤ እኔም ስሙ ነው መጀመሪያ ያስቆመኝ። በ1988 ማንቸስተር ተወለደ። መጀመሪያ እግር ኳስ፣ ቀጥሎ ቅርጫት ኳስ ሞከረ፤ ቅርጫት ኳሱ ለአሜሪካ ኮሌጅ አበቃው። የአሜሪካን ፉትቦል በቅጡ የጀመረው በ22 ዓመቱ ገደማ ነው። በካሊፎርኒያ አንድ ዓመት፣ በፍሎሪዳ ስቴት ደግሞ ሌላ አንድ ዓመት ተጫወተና በ2013 ኦክላንድ ሬደርስ በሁለተኛው ዙር፣ በ42ኛ ተራ መረጠው። ሁለት ዓመት ብቻ የተጫወተ እንግሊዛዊ! ይህ ብርቅ ነው።

ከዚያ የሆነው ግን ብርቅ አይደለም። የመጀመሪያውን ዓመት በአብዛኛው በጉዳት አለፈው። በ2014 ቦታውን አገኘ። በ2015 ውድድሩ ሳይጀመር በዝግጅት ጨዋታ የተረከዙ ጅማት ተበጥሶ ዓመቱን ሙሉ ተኛ። በኦክላንድ አራት ዓመት ከ64ቱ ጨዋታ ግማሹን እንኳ አልተሰለፈም። በ2017 ዴንቨር ከ18 ሚሊዮን ዶላር በላይ የሚያወጣ የሦስት ዓመት ውል ሰጠው፤ ሰባት ጨዋታ እንደጀመረ እግሩን ታመመ፤ በ2018 ውድድሩ ሊጀመር ሲል አሰናበቱት። ሠላሳ ዓመት አልሞላውም። ዜናው ሲወጣ «ጉዳት ያልተለየው» ተባለ፤ ጉዳቱ ከእናቱ ማሕፀን ይዞት የመጣ ይመስል።

እዚህ ላይ የውሉን ሥራ ማየት ያስፈልጋል። በእግር ኳስ አንድ የቼልሲ ወይም የአርሰናል ተጫዋች የአምስት ዓመት ውል ከፈረመ፣ ቢታመምም ደመወዙ ይሄዳል። በአሜሪካን ፉትቦል ግን ለአብዛኛው የመስመር ሰው በጋዜጣ ላይ የሚጻፈው ሦስት ዓመትና 18 ሚሊዮን እውነተኛው ውል አይደለም። እውነተኛው ዋስትና ያለው ክፍል ብቻ ነው፤ የቀረው ክለቡ ከፈለገ የሚቀጥለው፣ ካልፈለገ የሚቀደደው ወረቀት ነው። ስለዚህ ጅማት ሲበጠስ የሚከስረው ገላውን ያበላሸው ድርጅት ሳይሆን ገላው የተበላሸበት ሰው ይሆናል። ክለቡ ተተኪ አለው። አሠሪ ከሠራተኛው ጉዳት የማይከስር ከሆነ ጉዳቱን ለመቀነስ የሚቸኩልበት ምክንያት የለም፤ ይህን ለማወቅ የምጣኔ ሀብት ሊቅ መሆን አያስፈልግም።

ከጉልበትና ከተረከዝ በላይ ያለው ጉዳይ የአንጎል ነው። የፒትስበርጉ ሴንተር ማይክ ዌብስተር 17 ዓመት ተጫውቶ፣ አራት ጊዜ የሊጉን ዋንጫ አንሥቶ፣ በክብር መዝገብ ሰፍሮ በ2002 በ50 ዓመቱ ሞተ፤ የመጨረሻ ዓመታቱን ያሳለፈው አእምሮው ተቃውሶ፣ አንዳንዴም መኪናው ውስጥ እያደረ ነበር። አስከሬኑን የመረመረው ናይጄሪያዊው ሐኪም ቤኔት ኦማሉ ሲቲኢ የሚባለውን በተደጋጋሚ ምት የሚመጣ የአንጎል በሽታ አገኘበት፤ ግኝቱንም በ2005 አሳተመ። ሊጉ ለዓመታት አጣጣለው። በ2017 የቦስተኗ ሐኪም አን መኪ ካየቻቸው 111 የቀድሞ የሊጉ ተጫዋቾች አንጎሎች በ110ሩ ሲቲኢ አገኘች። ይህን ቁጥር ይዞ «ሁሉም ይታመማል» ማለት ስሕተት ነው፤ አንጎሉን የሚሰጠው አስቀድሞ የተጠራጠረ ቤተሰብ ነውና። ነገር ግን ዌብስተር ሴንተር መሆኑ ይታሰብ። የመስመር ሰው ለመጎዳት አንድ ትልቅ ጣይ ምት መጠበቅ የለበትም፤ በየምቱ ሳይወድቅ የሚቀበላት ትንሿ ግጭት ነች የምትጠራቀመው። ራሱን ሳይስት ስለሚጫወት ማንም ከሜዳ አያወጣውም።

ካሳው በፍርድ ቤት መጣ። በ2015 የፊላደልፊያዋ ዳኛ አኒታ ብሮዲ ያጸደቁት ስምምነት ከሐምሌ 7 ቀን 2014 በፊት ጫማ የሰቀሉትን ያካትታል፤ ሙሉውን ካሳ ለማግኘት ደግሞ አምስት የውድድር ዓመት ያስፈልጋል። ለንደን የምትገባው እዚህ ላይ ነው። በመጀመሪያው ረቂቅ በአውሮፓው ሊግ የተጫወቱት ዓመታት ጭራሽ አይቆጠሩም ነበር፤ ዳኛዋ ካሳሰቡ በኋላ ለእያንዳንዱ ዓመት ግማሽ ተሰጠ። በሞናርክስ መስመር ላይ ሁለት ዓመት ግንባሩን ያጋጨ ሰው አንድ ዓመት ተጫውቷል ተባለ። የዌምብሌይ ግጭት ከክሊቭላንድ ግጭት በግማሽ ይቀላል የሚል ሐኪም እኔ አላየሁም። ለጥቁር ተጫዋቾች የነበረው ደግሞ ከዚህ የከፋ ነው፤ የአእምሮ ምርመራቸው ሲመዘን ከመጀመሪያውም ዝቅ ያለ ችሎታ ነበራቸው ተብሎ ይሰላ ነበር። ሁለት የቀድሞ ተጫዋቾች በ2020 ከሰው ነው ሊጉ በዓመቱ ሊተወው የተስማማው። ዋትሰንን የመሰሉ ከ2014 በኋላ ያቆሙት ደግሞ ከዚህ ስምምነት ውጭ ናቸው።

ሚዛኑን ለመጠበቅ ሌላውንም ወገን ልስማ። ማንም አስገድዶ አላሰለፋቸውም ይባላል፤ እውነት ነው። ከማንቸስተር ሠፈር ወጥቶ ሚሊዮን ዶላር የነካ ሰው አያሳዝንም ይባላል፤ ይህም ሊያከራክር ይችላል። ልምምዱም ቀንሷል፤ ከ2011 ጀምሮ በውድድሩ ወራት ሙሉ ትጥቅ ለብሶ መጋጨት በ14 ልምምድ ተወስኗል። ይህ መሻሻል ነው፤ ያመጣው ግን የተጫዋቾች ማኅበሩ ድርድር እንጂ የክለቦቹ ርኅራኄ አይደለም። ደግሞም ችግሩ የአሜሪካኖች ብቻ አይደለም። በ2003 ከእንግሊዝ ጋር የራግቢን የዓለም ዋንጫ ያነሣው የፊት መስመር ሰው ስቲቭ ቶምፕሰን በ2020፣ በ42 ዓመቱ፣ የመርሳት በሽታ እንደያዘውና ያን ድል እንደማያስታውሰው ተናገረ። እሱና ጓደኞቹ ክሳቸውን ይዘው የቀረቡት ለንደን ላይ ነው። የፊት መስመር በየትኛውም ጨዋታ የፊት መስመር ነው።

ይህን ሁሉ ለለንደን ሐበሻ የምጽፈው ያለ ምክንያት አይደለም። የአሜሪካው ሊግ በ2019 በሰሜን ለንደን ባርኔትና ሳውዝጌት ኮሌጅ ውስጥ አካዳሚ ከፍቶ ነበር፤ በኋላ ወደ ላፍብራ ተዛውሯል። የሚፈልገው ከ16 ዓመት ጀምሮ ያሉ፣ ቁመትና ትከሻ ያላቸው ልጆች ነው። የእኛ ልጆችም እዚህ እየረዘሙና እየሰፉ ነው፤ ከቤታችን የሚወጣው ሁሉ ቀጭን ሯጭ ነው ያለው ማነው? ሦስት የውድድር ዓመት የሞላ ተጫዋች ካቆመ በኋላ በሊጉ የሕክምና ዋስትና የሚቆየው አምስት ዓመት ነው። በ30 ዓመቱ ያቆመ ሰው በ35 ዋስትናው ያልቃል። ዌብስተርን የያዘው ዓይነት በሽታ ገሃድ የሚወጣው አብዛኛውን ጊዜ ከዚያ በኋላ ነው። ያን ጊዜ ልጁ እዚህ ተመልሶ የሚሰለፈው በኤንኤችኤስ ወረፋ ነው፤ ወጪውም የእናንተና የእኔ ግብር ይሆናል። ስለዚህ መልማይ ቤታችሁ ቢመጣ ስለ ሚሊዮኑ አትጠይቁት፤ እሱን ሳትጠይቁትም ይነግራችኋል። በሳምንት ስንት ቀን እንደሚጋጭ፣ ጉዳት ቢደርስበት ትምህርቱን ማን ከፍሎ እንደሚያስጨርሰው፣ ካቆመ በኋላ ሐኪም ቤት እስከ መቼ በማን ወጪ እንደሚታይ ጠይቁት። መልሱንም በጽሑፍ ተቀበሉ።